ደጅ ያደሩ አልጋዎች

«እስቲ አንች የተማርሽው ንገሪኝ» አሏት አያ ኸሊፋ። «በዚህ ወረቀት መሠረት እኔስ ግዙፍ ቆሻሻ ውስጥ እገባለሁ?»

የአገኘሽ ጣት ማስታወቂያው ሦስተኛ መስመር ላይ ነበር፤ እዚያው ደርቆ ቀረ።

ያን ቀን ከሰዓት የጎልማሶች ትምህርት አስተማሪዋ ምንይችል ወረቀቱን በእጇ አስይዞ «ለሰፈርሽ ሰው አንች ታነቢያለሽ» ብሏት ነበር። ሁለተኛ ዓመቷን ይዛለች። እስከዚያ ድረስ ያነበበችው ሁሉ አጠገቡ ላም ወይም ዶሮ የተሣለበት ነው፤ ይህ ግን ሥዕል የሌለበት፣ የቀበሌ ማኅተም ያረፈበት የእውነት ወረቀት ነው። መንገዱን ሁሉ ላብ እንዳይነካው በነጠላዋ ጫፍ ጠቅልላ መጣች። መተማ በሚያዝያ ላብ የማይነካው ነገር የለም።

ከአያ ኸሊፋ ደጅ፣ ከኒም ዛፏ ጥላ ሥር ቆማ ነው ማንበብ የጀመረችው። «ግዙፍ የቤት ቆሻሻ ማለት አንደኛ፣ በማዳበሪያ ከረጢት የማይገባ፤ ሁለተኛ፣ አንድ ሰው ብቻውን የማይሸከመው፤ ሦስተኛ፣ አገልግሎት መስጠት ያቆመ…»

ይህን ጊዜ ነው ሽማግሌው ያቋረጧት። ረጅምና ሰፊ ናቸው፤ ሰባ ሦስት ዓመታቸው ነው። «ከረጢት አልገባም። አንድ ሰው አይሸከመኝም። አገልግሎት ካቆምኩም ስድስት ዓመቴ» አሉና ሳቁ። ሳቃቸው ግን አንድ ጥግ የጎደለው ነበር፤ አገኘሽ ምክንያቱን ታውቀዋለች።

ምክንያቱ ጎንደር ያለችው ልጃቸው ከውሰር ናት። ባለፈው ክረምት አያ ኸሊፋ በወባ ዐሥራ አራት ቀን ተኝተው ነበር። ከውሰር ስትመጣ ግቢው ውስጥ የተሰነጠቀው የውሃ ታንከር እስከ ወገቡ ዝናብ አቁሮ፣ ትንኙ በላዩ ሲዘምር አገኘችው። ያኔ የተናገረችውን ሰፈሩ ሁሉ ሰምቷል። «አባዬ፣ ክረምቱ ሳይገባ ወይ ዕቃው ይወጣል ወይ እርስዎ ይወጣሉ!» ብላ ነበር። አሁን ደግሞ በስልክ ቀን ቆርጣለች። ቅዳሜ ትመጣለች፤ የግቢውን መሬት በዓይኗ ካየች ደግ፣ ካላየች እሑድ አባቷን ይዛ ትመለሳለች።

አያ ኸሊፋ ከሄዱ አገኘሽ ምን ትሆናለች? ባሏ ሸጋው በአብርሃ ጅራ በኩል የሰው ትራክተር የሚነዳ ነው፤ በዐሥራ አምስት ቀን አንዴ ብቅ ይላል። እሷ ትምህርት በምትሄድባቸው አራት ቀናት የስድስት ዓመቷን ያብስራን የሚይዙላት አያ ኸሊፋ ናቸው። ያለ እሳቸው ደብተሩም እርሳሱም ይቀራል። ደግሞ ለራሷ ብቻ አልነበረም የምትጨነቀው። እኒህ ሰው ጎንደር ሦስተኛ ፎቅ ላይ፣ ከመስኮት ሥር ተቀምጠው በዓይነ ልቦናዋ ታዩዋት። አገኘሽ የሚያስጨንቃት ነገር ባጣች ቀን እሱም ራሱ የሚያስጨንቃት ሴት ናት፤ ይህኛው ግን ሲያንሳት ነው።

«ምን ነካሽ? ቀጥይ እንጂ!» አለች መጂዳ ከሱቋ መስኮት። መጂዳ ጎረቤታቸው ናት፤ ሳሙናና ስኳር ትሸጣለች፣ ምላሷን ግን በነጻ ነው የምታድለው።

አገኘሽ ጣቷን ወደ አራተኛው መስመር አወረደች። «አራተኛ፣ ባለቤቱ አልፈልገውም ያለው የቤት ዕቃ ነው።» ከዚያ በታች ብዙ ነበር። ፍሪጅ የሚያወጣ ሰው በሩን አስቀድሞ ይንቀል፤ ሕፃን ገብቶ እንዳይዘጋበት። ጎማና ባትሪ ለየብቻ ይቀመጥ። የሰሊጥ አገዳ፣ አፈር፣ የፈረሰ ቤት ድንጋይ አይወሰድም። ሊጠገን የሚችል ዕቃ ካለ መጀመሪያ ለጎረቤት ይጠየቅ። ዕቃው ቅዳሜ ጎሕ ሳይቀድ ከየደጁ ይውጣ፤ ትራክተር ከነተሳቢው አንድ ጊዜ ብቻ ያልፋል።

አያ ኸሊፋ ግን ከአራተኛው አልወጡም። «በይ አበቃ» አሉ። «አንድም የሚሄድ የለም። ባለቤቱ እኔ አይደለሁማ። አማና ነው፤ የሰው አደራ።»

እውነታቸውን ነው። አርባ ዓመት ድንበሩ ላይ የጭነት መኪና ሲጠግኑ ኖረዋል። በእነዚህ ዓመታት ወደዚያ የተሻገረም፣ ከዚያ የመጣም፣ ቤት የለቀቀም፣ ባል የፈታችም ሁሉ «አያ ኸሊፋ፣ ለጊዜው ይቀመጥልኝ» ብሎ አንድ ነገር ጥሎ ሄዷል። እሳቸውም የባለቤቱን ስልክ ቁጥር በቀይ ቀለም ከዕቃው ጀርባ ይጽፉና ያስቀምጣሉ። ፍሪጅ አለ፣ ሆዱ የተዘረገፈ ሶፋ አለ፣ ጀርባው እንደ ግመል ያበጠ ቴሌቪዥን አለ፣ ታንከሩ አለ፣ እግሩ የተሰበረ ቡፌ አለ፤ ከሁሉ በላይ ደግሞ ድንኳን የሚያክል የዲሽ ሳህን አለ። ሰው ከበር እስከ ቤት የሚገባው ጎኑን አዙሮ ነው።

አገኘሽ ከሁሉም የምትፈራው ፍሪጁን ነው። በቀደም ያብስራን ስትፈልግ እዚያ ውስጥ ጉልበቷን አቅፋ አግኝታታለች። «እዚህ ይቀዘቅዛል እኮ እማ» አለቻት ልጅት። ፍሪጁ ከሞተ ስድስት ዓመቱ ነው። አገኘሽ ያን ሌሊት አልተኛችም።

«አማና ከሆነ ባለቤቱ ይጠየቃ» አለች አሁን፣ ራሷ ባላሰበችው ድፍረት። «ቁጥሩ አለ አይደል?»

ሁሉም እርስ በርስ ተያየ። ይህን ያህል ዓመት ለመደወል ያሰበ አልነበረም።

መጂዳ ሱቋን በጨርቅ መጋረጃ ጋርዳ ስልኳን ይዛ መጣች። አገኘሽ ቁጥሩን ከየዕቃው ጀርባ ጮክ ብላ ታነባለች፣ መጂዳ ትደውላለች፣ ድምፁን ከፍ አድርጋ ለሁሉም ታሰማለች። ያብስራ የእናቷን የጠመኔ ቁራጭ ይዛ ትጠብቃለች።

መጀመሪያ ፍሪጁ። ባለቤቷ አየሁሽ ትባላለች፤ ገለጉ ሆቴል ከፍታለች።

«ፍሪጁ?» አለች አየሁሽ። «እስካሁን አልጣሉትም እንዴ? ኧረ በማርያም! አያ ኸሊፋ፣ ያን ጊዜ እኮ የት እንደምጥለው ጨንቆኝ ነው እርስዎ ዘንድ ያቆምኩት። መንገድ ላይ እንዳልጥለው አፈርኩ!»

አያ ኸሊፋ አፋቸውን ከፍተው ቀሩ። «እኔ እኮ በየዓመቱ አቧራውን ስጠርግለት…»

«ይጥረጉት ያለ ማን ነበር?» አለች መጂዳ።

ቀጥሎ ሶፋው። ባለቤቱ የሚኖረው ሳንጃ ነው፤ ሳቁ ከስልኩ ሊወጣ ደረሰ። «ያኔውም አይጥ ወልዳበት ነበር፤ አሁን የልጅ ልጅ አይታለች ማለት ነው። ይጣል!» ቴሌቪዥኑ ይጣል። ቡፌው ይጣል። የታንከሩ ባለቤት እንዲያውም ታንከር እንደነበረው ጭራሹን ረስቷል። አገኘሽ በእያንዳንዱ ላይ «ይሄዳል» ብላ በጠመኔ ጻፈች። ከደብተር ውጭ የጻፈችው የመጀመሪያ ቃሏ ነው። «ሄ»ዋ መጀመሪያ ትንሽ ተንጋደደች፤ አምስተኛው ዕቃ ላይ ስትደርስ ቀጥ አለች።

የአያ ኸሊፋ ፊት ግን በእያንዳንዱ ስልክ እየጠቆረ ሄደ። ለዚህ ሁሉ ዘመን ጠባቂ የመሰሉት፣ ለካ ሰው ሁሉ የማይፈልገውን የሚደፋባቸው ኖረዋል። አገኘሽ ይህን አይታ «ምነው ባልደወልን» ልትል ስትል፣ ከላሜራ ሥር የተቀበረ የልብስ ስፌት መኪና ተገኘ። ቁጥሩ የረቢዓ ነው፤ አብርሃ ጅራ ትኖራለች።

«ሃሎ፣ ረቢዓ ነሽ? ከመተማ ነው፣ ከአያ ኸሊፋ ቤት። የስፌት መኪናሽን እንጣለው ወይ?»

ከስልኩ ጩኸት መጣ፤ ሰው የሞተባት ነበር የሚመስለው። «መኪናዬ? መኪናዬ አለ? ወላሂ እንዳትነኩት! አንድ ጣታችሁን እንዳታሳርፉበት! ሰባት ዓመት ሙሉ ‹ተሸጧል› ብዬ ለመጠየቅ ስፈራ! አያ ኸሊፋ፣ አላህ ዕድሜዎን ያርዝመው!»

በማግስቱ ረቢዓ በሰሊጥ ጭነት መኪና ጋቢና ውስጥ ተቀምጣ ደረሰች። የስፌት መኪናዋን እንደ ልጅ ሳመችው፤ አያ ኸሊፋን ጉልበት ልትስም ስትል እሳቸው እያነሷት «ተይ፣ ተይ» ይላሉ፣ ዓይናቸው ግን እንደ ጎሕ ፈክቷል። ዘይት ጨመሩበት፤ ጎማው ዞረ። ረቢዓ እዚያው ቆማ የያብስራን የተቀደደ ቀሚስ ሰፋችላትና ሄደች። ከዚያ በኋላ አያ ኸሊፋ ማንንም አላስቸገሩም። «ጻፊ፣ ጻፊ» ይላሉ፣ «የማይፈለገው ይሂድ። አማና ማለት ባለቤቱ እንዲህ የሚመጣበት ነው!»

ከድንበሩ ማዶ ያሉ ሁለት ቁጥሮች አልተነሡም። እነሱ ላይ አገኘሽ «ይቀራል» ብላ ጻፈች፤ አንዱ የእንጨት ሣጥን ነው፣ አንዱ የሕፃን አልጋ። ሁለቱንም ወደ ቤት አስገቡ። የዲሹን ሳህን መጂዳ ወሰደችው፤ ገልብጣ ሰሊጥ ልታሰጣበት ነው።

ዓርብ የሰፈሩ ሰው ተጠራርቶ ዕቃውን አወጣ። ሰው ሲያወጣ ደግሞ ይለዋወጣል፤ የማስታወቂያውን ቃል ሳያውቀው ይፈጽማል። የአንዷ ስባሪ ቡፌ ለሌላዋ የዶሮ ቤት ሆነ። ብረት ብረቱን ቁራሌው በጋሪ ወሰደ። አንዱ የሰሊጥ አገዳ ተሸክሞ ሲመጣ ያብስራ ተቆጣችው፤ «አይፈቀድም! እማ አንብባዋለች!» የፍሪጁን በር አያ ኸሊፋ ራሳቸው በመፍቻ ፈቱት። አራቱ ብሎን በእጃቸው ላይ ሲወድቅ አገኘሽ ከደረቷ ላይ ድንጋይ የተነሣላት ያህል ተነፈሰች።

ሲመሽ ዕቃው ሁሉ በየደጁ ተደርድሯል፤ «ይሄዳል» የሚለው ነጭ ጽሑፍ ከሩቅ ይታያል። ሙቀቱ ግን አልበረደም። ስለዚህ ሰፈሩ ሁልጊዜ በበጋ እንደሚያደርገው አደረገ። በገመድ የተጠለፉትን የእንጨት አልጋዎች፣ ቆላው አንገረብ የሚላቸውን፣ ነፋስ ፍለጋ ከደጅ አውጥቶ ተኛባቸው።

ይህን ማንም አላሰበውም። ሚያዝያ ላይ ደጅ መተኛት ለመተማ ሰው እንደ መተንፈስ ነው፤ ስለ መተንፈስ ደግሞ ማን ማስታወቂያ ያነብባል?

ጎሕ ሲቀድ አያ ኸሊፋ ወደ መስጊድ ሄዱ። መጂዳ ወደ ጓሮ ገብታ ትሰግዳለች። ሌላው ወደ ቤተ ክርስቲያን፣ ሌላው ወደ ከብቱ ተበተነ። አገኘሽ ያብስራን ቀስቅሳ ውሃ ልትቀዳ ወደ ቦኖው ወረደች፤ ልጇን ተኝታ ትታት መሄድ አይሆንላትም። ከሩቅ ትራክተር ሲያጓራ ሰማችና «መጣ!» ብላ ደስ አላት።

ጀሪካኗን ተሸክማ ስትመለስ መንገዱ ጠቦበት የነበረው ደጅ ሰፍቶ አየች። ደስታዋ ግን ሦስት እርምጃ አልሄደም። ፍሪጁ አለ። ሶፋው አለ። ታንከሩ አለ። «ይሄዳል» የሚለው ሁሉ አንድም ሳይሄድ ቁጭ ብሎ ያያታል። የሌለው አልጋው ነው። ከመንገዱ ጫፍ እስከ ጫፍ፣ ዐሥራ ሁለት አልጋ ከነአንሶላው የለም።

«እማ፣ አልጋችን የት ሄደ?» አለች ያብስራ።

አገኘሽ ጀሪካኑን አስቀምጣ ልጇን አቀፈቻት። «ተኝታ ትቻት ቢሆንስ!» ብላ አሰበች። ቀጥሎ ያሰበችው ደግሞ ይብስ ነበር፤ ትራክተሩ የሚያልፈው አንድ ጊዜ ብቻ ነው። ያቺ አንድ ጊዜ በአልጋ አለቀች። ከውሰር እኩለ ቀን ላይ ትደርሳለች፤ ዕቃው ከግቢ ወጥቶ ከደጅ ተከምሯል፣ አባቷ ደግሞ መተኛ እንኳ የላቸውም።

ሰዉ ከየቤቱ ወጣ፤ ጩኸቱ ቀለጠ። መጂዳ ሁለት እጇን ወገቧ ላይ አድርጋ ባዶውን ደጇን አየች። «ከሞኝ ደጃፍ ሞፈር ይቆረጣል ሲባል እሰማ ነበር» አለች። «አልጋ ይጫናል ሲባል ግን ዛሬ አየሁ!»

«የኔ ጥፋት ነው» አለች አገኘሽ እንባዋ መጥቶ። «ሁሉም ላይ ስጽፍ አልጋው ላይ አልጻፍኩም። ‹አልጋችሁን አስገቡ› አላልኩም።»

«አይ አንች! ላንች ከሆነ ዝናብ ባይዘንብም ጥፋትሽ ነው…» መጂዳ ደረቷን ዳሰሰች። «ስልኬ! ስልኬ ትራሴ ሥር ነበር!»

አገኘሽ በራሷ ስልክ ደወለችላት። ሁሉም ጆሮውን ቀሰረ። ጠራ፣ ጠራ፣ ጠራ። ተነሣ።

«አቤት» አለ አንድ የጎጃም ለዛ ያለው ወንድ፣ በፍርሃት። «ማን ልበል?»

መጂዳ ስልኩን ነጠቀች። «አንተ ማን ነህ በአልጋዬ ላይ ሁነህ የምታወራ!»

«ኪዳን እባላለሁ እመቤቴ። እ… ትራሱ ጮኸ፣ አነሣሁት። ቆሻሻ መድፊያው ነን።»

ሁለት ባጃጅ ተያዘ። በመጀመሪያው አያ ኸሊፋ፣ አገኘሽና ያብስራ ገቡ፤ በሁለተኛው መጂዳ ከአራት ጎረቤት ጋር ተጫነች፤ ከከተማው ወጣ ብሎ ወዳለው መድፊያ በአቧራ ውስጥ በረሩ።

እዚያ ያዩት ነገር ቁጣቸውን ግማሹን ቀማቸው። ዐሥራ ሁለቱ አልጋ በግራር ጥላ ሥር በሁለት ረድፍ እንደ ሆስፒታል ተደርድሯል፤ ስድስት ከደጋ ለሥራ የወረዱ ሳሉጎች፣ የቀን ሠራተኞች፣ እግራቸውን ዘርግተው ይንፈላሰሱበታል። ሹፌሩ መሐመድ ብቻ ነው ቆሞ ትራክተሩን የሚያየው።

ኪዳን ዘሎ ተነሣ፤ ስልኩን በሁለት እጁ አቀረበ። «ሥራ የጀመርነው ገና ትናንት ነው» አለ። «በየደጁ አልጋ ሆነ። ‹ቆላ ሀብታም ነው› ሲሉን ለካ እውነት ነው፣ ገመዱ አዲስ አልጋ ይጥላሉ አልን! እኛ አገር ደጅ የሚያድር ጅብ ነው።»

«ትራሱስ ሙቅ አልነበረም?» አለች መጂዳ።

«ነበር» አለ ኪዳን አንገቱን ደፍቶ። «ከሞቀ ቤት ወጥቶ ነው ብለን።»

ሰዉ ሁሉ በሳቅ ፈረሰ፤ መጂዳ እንኳ ፊቷን አዞረች። መሐመድ ግን አልሳቀም። «እኔ ትእዛዝ አለብኝ» አለ። «ከደጅ የተገኘ ይጫናል ተብሏል፣ ጫንኩ። ድንግዝግዝ ነበር፣ እኔ ከመሪው አልወረድኩም። አልጋችሁን በሰላም ውሰዱ፤ ዳግመኛ ግን አልመለስም። የተሰጠኝ ናፍጣ ለአንድ ዙር ነው።»

አገኘሽ ከነጠላዋ ጫፍ ወረቀቱን ፈታች። ጣቷን አራተኛው መስመር ላይ አሳረፈች። «‹አራተኛ፣ ባለቤቱ አልፈልገውም ያለው› ይላል» አለች። «ባለቤቱን ጠይቃችኋል? እኛ ጠይቀናል። ገለጉ ድረስ ደውለናል። አልፈልገውም የተባለው ሁሉ ላይ ተጽፏል፤ እሱን ትታችሁ የምንፈልገውን ወሰዳችሁ። ታዲያ ዙራችሁ አልተጀመረም።»

እንዲህ ያለ ረጅም ነገር በወንዶች ፊት ተናግራ አታውቅም። ያብስራ አንጋጣ አየቻት።

መሐመድ ራሱን አከከ። «እውነትሽን ነው እህቴ። ግን ናፍጣው ወረቀት አይሰማም። የትራክተሩ ታንከር ውስጥ ያለችው እስከ ጋራዥ የምትበቃኝ ብቻ ናት።»

ይህን ጊዜ አያ ኸሊፋ አፍንጫቸውን ነፋ ነፋ አደረጉ። በቀስታ ሄደው ከትራክተሩ ሥር አጎነበሱ፤ በሁለት ጣታቸው አፈሩን ነክተው አሸተቱ። «ልጄ» አሉት፣ «ናፍጣህን አንተ አይደለህም የምትጨርሰው፤ መሬቱ ነው የሚጠጣው። ከመቼ ወዲህ ነው እንዲህ ቶሎ የሚያልቅብህ?»

«ሳምንት ይሆነዋል…»

«ሳምንት ሙሉ መንገዱን ስታጠጣ ከረምህ! እስቲ የባጃጅ ልጅ፣ የውስጥ ጎማ ቁራጭ አለህ? ካቻቢቴም አምጣ።»

እዚያው አቧራው ላይ ተንጋለሉና ገቡ። ከሥር የሚታየው እግራቸው ብቻ ነው። አገኘሽ «ወገብዎ! አያ ኸሊፋ፣ ወገብዎ!» ትላለች፤ ከሥር የሚመለስላት ማፏጨት ነው። ሩብ ሰዓት ሳይሞላ የተሰነጠቀውን ቱቦ ቆርጠው፣ አጥብቀው፣ በጎማው ጠምጥመው ወጡ፤ ፊታቸው ጥቁር፣ ጥርሳቸው ነጭ ሆኖ። ጠብታው ቆመ። መሐመድ ዱላ ታንከሩ ውስጥ ከትቶ ለካና የሽማግሌውን እጅ ከነናፍጣው ጨበጠ። «ካልፈሰሰማ ደርሶ መልስ ይበቃኛል» አለ። «ጫኑ!»

ሲመለሱ ባጃጅ የፈለገ አልነበረም። አልጋዎቹ ተሳቢው ላይ ተደረደሩ፣ ሰዉ በየአልጋው ተቀመጠ። አያ ኸሊፋን ከመሐል፣ በራሳቸው አልጋ ላይ፣ በመጂዳ ትራስ ደግፈው አስቀመጧቸው። ሴቶቹ እልል እያሉ፣ ኪዳንና ጓደኞቹ እየጨፈሩ በከተማው መሐል አለፉ። ያየ ሁሉ «የማን ሰርግ ነው?» ይላል። «የአልጋው!» ትላለች መጂዳ።

ሰፈር ሲደርሱ አንዲት ሴት ቦርሳዋን ይዛ ከፍሪጁ አጠገብ ቆማለች። ከውሰር ናት። ቆሻሻውን አየች፣ የሌለውን አልጋ አየች፣ ቀና ስትል አባቷን በቆሻሻ ትራክተር ላይ አየች።

«አባዬ! ምን አደረጉዎት እነዚህ ሰዎች? አባቴን ቆሻሻ ላይ ጫናችኋቸው?»

«አይዞሽ» አሉ አያ ኸሊፋ ከላይ። «ወስደውኝ ነበር። አልፈልግም ብለው መለሱኝ።»

ለማስረዳት ዐሥር ሰው በአንድ ጊዜ ተናገረ። ከውሰር ግን ጥብቅ ናት፤ እንደ ዳኛ እጇን አጣጥፋ ሰማች። «እሺ» አለች በመጨረሻ። «ግን የምላችሁ ይገባችሁ። የማመጣው አንድ ጥያቄ ብቻ ነው። ዳግም ወባ ቢይዛቸው ማን ያያቸዋል?»

አያ ኸሊፋ ወደ አገኘሽ ዞሩ። «አራተኛውን መስመር አንብቢላት» አሉ።

አገኘሽ ወረቀቱን አልፈታችም፤ በቃሏ ሆኗል። «ባለቤቱ አልፈልገውም ያለው።»

«እኔ መቼ ነው አባቴን አልፈልግም ያልኩት!» አለች ከውሰር ድምፅዋ ተሰብሮ። «ስለምፈልጋቸው አይደል እንዴ የምወስዳቸው!»

«እኛም ስለምንፈልጋቸው ነው የማንሰጥሽ» አለች አገኘሽ። ይህን ስትል ትንሽ ፈራች፤ ቢሆንም አልመለሰችውም። «ጠዋት እኔ አያቸዋለሁ፣ ማታ መጂዳ ታያቸዋለች። ካመማቸውም በዚያው ቀን እጽፍልሻለሁ። በስልክ መልእክት። አሁን እጽፋለሁ።»

«ሁለት ወገን የሚሻማበት ቆሻሻ አላየሁም» አለች መጂዳ። «በሉ፣ ሰው አልጋውን ያውርድ፣ ትራክተሩ ናፍጣ አይጨርስ!»

አልጋው ወረደ፤ ዕቃው ወጣ። መጀመሪያ የፍሪጁ በር፣ ቀጥሎ ፍሪጁ። ሶፋው ሲነሣ አንዲት አይጥ ከነቤተሰቧ ወጥታ በከውሰር እግር መሐል አለፈች፤ ከውሰርም አባቷ አልጋ ላይ ዘልላ ወጣችና ከልጅነቷ ወዲህ ያልተሰማውን ሳቋን ሳቀች። ታንከሩን ስድስቱ ሳሉጎች «ሆ!» ብለው አነሡት። መሐመድ ጡሩምባውን ነፋ።

ከዚያ ከውሰር ወደ ግቢው ገባች። ሁሉም ከኋላዋ ተከትሎ በሩ ላይ ተጠጋጋ። ከውሰር በመሐሉ ቀጥ ብላ፣ ጎኗን ሳታዞር ሄደች። እንደገና ተመለሰች። ጫማዋን አውልቃ በባዶ እግሯ መሬቱን ረገጠችው፤ አባቷ መራመድ ያስተማሯት እዚህ ግቢ ውስጥ ነው፣ ሰፊ በነበረ ጊዜ።

«ለካ ጥቁር አፈር ነው» አለች። «ረስቸው ነበር።»

ያን ምሽት ደጅ ዐሥራ ሦስት አልጋ ወጣ። ዐሥራ ሦስተኛው ለከውሰር የተሰጠ የመጂዳ ትርፍ አልጋ ነው። ከመተኛታቸው በፊት ያብስራ ጠመኔዋን ይዛ በየአልጋው እግር ሥር ዞረች፤ እናቷ ፊደሉን እየነገረቻት «ይቀራል» ብላ ጻፈች፤ ኪዳን ነገ ቢመጣ እንዳይሳሳት።

እሑድ ጧት አውቶብሱ ወደ ጎንደር ሲነሣ ከውሰር በመስኮቱ እጇን እያወዛወዘች ሄደች። አያ ኸሊፋ ቀሩ።